የማዕዶት መርከቦች ሳንቃ ያዥ ነበርኩ

መርከባችንን ዋኖስን ባለፈው ሰኔ አፈረሷት። ጠፍሯን በጣጥሰው፣ ሳንቃዋን አራግፈው ለፈለገ ሰው ሰጡት። ከጊዮርጊስ ቁልቁል ወደ ሃብተ ጊዮርጊስ ድልድይ ስትወርዱ በግራ በኩል ካሉት ሱቆች የሦስቱ በር የእርሷ ጎን ነው። ጠርዙን ብትዳብሱት የወስፌ ቀዳዳ ተደርድሮ ታገኛላችሁ። የበሳሁት እኔ ነኝ። ባለሱቆቹ ነፋስ ገባብን ብለው ጭቃ መርገውበታል። ይሁን፣ እነርሱ ሱቅ ነው የያዙት።

እርሷ ስትፈርስ እኔም ጡረታ ወጣህ ተባልኩ። ከተማው ሰፋ፣ ቤቱ በዛ፣ የክረምቱ ጉም እንደ ድሮው አራዳ ድረስ አይወርድም። ጉም ከሌለ መርከብ የለም፣ መርከብ ከሌለ እኔን ማን ይፈልገኛል። አላዝንም። ከሃያ ዓመት በላይ እንጀራ የበላሁበትን ሥራ እያመሰገንኩ ነው የምጽፈው። ጽሕፈቴ የዶሮ ጭረት ነው፤ ፊደል የቆጠርኩት ጎልምሼ፣ የጭነት ምልክት ለማንበብ ብዬ ነው። ያልገባው ይተወው።

ወጣት የሆናችሁ፣ ማዕዶት ሲባል የፋሲካ ማግስት ብቻ የሚመስላችሁ ትኖራላችሁ። መርከቦቹም በዚሁ ስም ይጠሩ ነበር፤ መሻገር ማለት ነውና። ሦስት ነበሩ፤ ርግብ፣ ዋኖስና እርኩም። ከዚህ ዓለም ወደ ሌላው ዓለም ሰውና ዕቃ ያሻግራሉ። መጀመሪያ ማን እንደ ሠራቸው አላውቅም። ስለዚህ ብዙ የሚያወራ አለ፤ እኔ ያላየሁትን አልጽፍም። ርግብ እኔ ሳልቀጠር ሄዳ ቀርታለች። ዋኖስ የሥራዋ መርከብ ነበረች። እርኩም ከሁሉ አሮጊቷ ናት፤ አፍንጫዋ የተቆለመመ፣ መልከ ጥፉ፣ በግቢው ጥግ ግንድ ላይ ተሰቅላ ዶሮ ይሰፍርባት ነበር።

ወደዚህ ሥራ የገባሁት በኮርቻ ነው። ኮርቻ ሰፊ ነበርኩ። ሰው ፋቂ ይለናል፤ ይበል። በአራዳ ገበያ ዳር ሥራዬን ዘርግቼ ተቀምጬ ሳለ አንድ አጭር፣ ደረተ ሰፊ ሽማግሌ መጡና ጎንበስ ብለው የኮርቻዬን ስፌት ላሱት። በምላሳቸው።

«ጨው የለውም» አሉ።

«ጨው አልነካም» አልኩ።

«ቆዳውን ስንት ቀን ትዘፈዝፈዋለህ?»

«ሦስት።»

«ሰው ቢያስቸኩልህስ?»

«ሦስት።»

«ነገ ና» አሉና ሄዱ። ወዴት እንደምመጣ እንኳ አልነገሩኝም፤ ጠያይቄ አገኘኋቸው።

አባ ቢራቱ ነበሩ፣ የመርከቦቹ አለቃ። የዝዋይ ሐይቅ ዳር ተወላጅ ናቸው፤ በልጅነታቸው ከደሴት ደሴት ሰው ያሻግሩ ነበር። ከእርሳቸው የተማርኩትን ልጻፍ ብል ደብተሩ አይበቃም። ጥቂቱን ልበል።

ብረት ያለበት መርከብ አይነሣም። ስለዚህ ሚስማር የለም፤ ሁሉ ነገር በጠፍር የተሰፋ ነው። ወስፌአችን የአጋዘን ቀንድ ነበር። መንገደኛም ቢላዋውን፣ መርፌውን፣ ቁልፉን በር ላይ ትቶ ይገባል። አንድ ጊዜ አንዲት ሴት ሹሩባዋ ውስጥ መርፌ ረስታ፣ ዋኖስ እንደ እርጉዝ ላም ጭቃ ላይ ተኝታ ዋለች። ጠፍሩ ከበሬ አንገት ይቆረጣል፤ ሦስት ቀን ይዘፈዘፋል፤ በእርጥቡ ይሰፋል፤ ሲደርቅ ሳንቃውን ከሳንቃ ጋር ያጣብቀዋል። በላዩ ሰምና ሙጫ ቀልጦ ይፈስበታል። አባ ቢራቱ እያንዳንዱን ጠፍር ሳይቀምሱ አያሰፉም። ገበያ ላይ ያለ ቆዳ እንዳይሸት ጨው ይነሰነስበታል። ጨው ያለበት ጠፍር ጉም ይጠጣል፤ ጉም የጠጣ ጠፍር ይላላል፤ መንገድ ላይ የላላ ጠፍር ሰው ይጥላል። «ዓይን ይሸነገላል፣ ምላስ አይሸነገልም» ይሉ ነበር።

ሲሄዱ ጆሯቸውን ከመርከቧ ሆድ ላይ ለጥፈው ነው የሚመሩት። መንገደኛ ሲቆጥሩ በዓይናቸው አይቆጥሩም፤ ራስ ራሱን በመዳፋቸው ነክተው ነው። ሁሉም ወርዶ ሳያልቅ ምግብ ባፋቸው አይገባም። አንድን ነገር ሁለቴ አይናገሩም፤ ካልሰማህ አልሰማህም።

ክረምት ላይ ጉሙ ከእንጦጦ ወርዶ ጠዋት ጠዋት ግቢያችንን ይሞላዋል። ከታች ሲቆጠር ሰባተኛው ስፌት ላይ ሲደርስ መርከቧ ትነሣለች። ድምፅ የላትም። የጊዮርጊስ ጉልላት ለአንድ አፍታ ከእግርህ በታች ይታያል፣ ከዚያ እርሱም ይጠፋል። መንገዱ ዳዊት የሚደግም ሰው ግማሹን እስኪያደርስ ነው። ጉሙ ሲገለጥ ዋዜማ ነህ።

ዋዜማ ያልነው እኛ ነን። እዚያ ፀሐይ ሁልጊዜ አሥራ አንድ ሰዓት ላይ ናት፤ አትጠልቅም፣ አትወጣም። መሬቱ የታጨደ የገብስ ማሳ ይመስላል፣ የሰው ጥላ ረጅም ነው። ሰዎቹ ዝግ ያሉ፣ ደግ ሰዎች ናቸው። የእኛን ፈትል አጥብቀው ይወዳሉ፤ በማርና በሰም ይለውጡታል፤ ቋንቋችንንም ከነጋዴው ለምደዋል። አንድ ነገር ግን አለባቸው። እነርሱ ዘንድ ቃል አንዴ ነው። «ብላ» ይሉሃል። «አይ፣ ጠግቤአለሁ» ካልክ ገበታውን ያነሡታል። እንደኛ «በሞቴ»፣ «አፈር ስሆን» የሚባል ነገር አያውቁም። ሸራችንን የሚሰፋው ባልደረባዬ ሸምሱ፣ የጉራጌ ሰው፣ መጀመሪያ የሄደ ጊዜ እህል ሳይቀምስ ሦስት ቀን ሰንብቶ መጣ።

«ጾምክ እንዴ?» አልኩት።

«ጾም አይደለም» አለኝ፤ «ጨዋነት ነው።»

መርከቦቹም ጠባያቸው እንደዚያው ነው። የታችኛው ግንዳቸው ከዋዜማ ዛፍ የተጠረበ ነው ይባላል፤ ይህን ግን ባላይም አምናለሁ። መሸጋገሪያው ሳንቃ ላይ እግሩን አድርጎ «አልገባም» ያለን ሰው መርከቧ አታስገባውም። በቀልድም ይሁን በትሕትና፣ አንዴ ሰምታዋለች። ነገም ቢመጣ ሳንቃውን ትሰበስብበታለች። ሌላዋ መርከብ ግን የራሷ ጆሮ አላት፤ የዋኖስን ነገር እርኩም አታውቅም።

ይህ ለሌላ አገር ሰው ምንም አይደል። የእኛን አገር ሰው ግን ታውቁታላችሁ። ሁለት ሰዎች አንድ በር ላይ ሲገናኙ «ይለፉ»፣ «ኧረ እርስዎ ይለፉ»፣ «አልቀድምዎትም» እየተባባሉ ፀሐይ ትጠልቃለች። ለዚህ ነው ሳንቃ ያዥ የሚባል ሥራ የመጣው። ሳንቃ ያዥ ማለት መንገደኛው ትሕትናውን ከመናገሩ በፊት ክንዱን ይዞ የሚያስገባ ሰው ነው። አባ ቢራቱ ለገበሬውም ለጌታውም የሚሉት አንድ ነበር፤ «አፍህን ዝጋ፣ እግርህን አንሣ።» አንድ ትልቅ ሹም ተቆጥተው «ማን መሰልኩህ?» ቢሏቸው፣ «መንገደኛ» ብለው በወገባቸው ገፍተው አስገቧቸው። ሹሙ ሲመለሱ ሙክት ላኩላቸው።

አባ ቢራቱ ዓይናቸው እየደከመ ሲሄድ ሳንቃውን ለእኔ ሰጡኝ። ግትር ስለሆንክ ትችለዋለህ አሉኝ። የግቢው ሹም አዛዥ ስለሺ የሹመቴን ወረቀት ጻፉልኝ፤ ደመወዙም ጨመር አለ፤ ይዘገያል እንጂ አይቀርም ነበር። ብዙ ዓመት አንድ ሰው ሳላስቀር ሠራሁ። መነኩሴ በቆቡ፣ ነጋዴ በቀበቶው ስቤ አስገብቻለሁ። በአራዳ «ባለጌው ሳንቃ ያዥ» ይሉኝ ነበር፤ ደስ ይለኝ ነበር።

አሁን ወደ ጥፋቴ ልምጣ።

የሚስቴ የጥሩወርቅ እናት እሜቴ አስካለች ይባላሉ። በአራዳ ገበያ የፈትል ነጋዴ ናቸው፤ እንደ እርሳቸው የጠራ ድር የሚፈትል በከተማው አልነበረም። ቀጭን፣ ቀጥ ያሉ፣ ወግ አጥባቂ ሴት። ሰው ፊት አይበሉም፣ ሰው ፊት አይስቁም። አማች ደግሞ አማቱን ቀና ብሎ አያይም፤ እኔም ሰባት ዓመት አብረን ኖረን የዓይናቸውን ቀለም አላውቅም ነበር። ያን ክረምት ነሐሴ ላይ ፈትላቸውን ይዘው ዋዜማ ተሳፈሩ። ሲሄዱ ሌሎች ሴቶች ደግፈው አስገቧቸው፤ ችግር አልነበረም።

ስንመለስ ነው። ጉሙ እየሳሳ ነበር። መንገደኛውን ሁሉ አስገብቼ ሁለት ሰው ቀረ፤ እሜቴና አንድ ባላምባራስ፣ ጢማቸው የሸበተ፣ ጨዋ ሰው። ሳንቃው ሥር ተገናኙ።

«ይለፉ እሜቴ» አሉ ባላምባራስ።

«ኧረ ምን በወጣዎት፣ እርስዎ እያሉ» አሉ እሜቴ፤ አንድ እግራቸው ሳንቃው ላይ ነው።

«በእናትዎ፣ ይለፉ።»

እጄ ወደ ክንዳቸው ሄደ። ስንቱን የያዘ እጅ ነው። እጅጌያቸው ጋ ደርሶ ቆመ። የጥሩወርቅ እናት ናቸው። ሰው ሁሉ ከመርከቧ ላይ ሆኖ ያያል። አሁን ይገባሉ፣ አሁን ይገባሉ አልኩ።

«እርስዎን ቀድሜ? በጊዮርጊስ አልገባም» አሉ እሜቴ።

ባላምባራስ «እንግዲያው እሺ» ብለው አለፉ። እሜቴ ተከትለው ሁለተኛ እግራቸውን ሲያነሡ ሳንቃው ከእግራቸው ሥር እንደ ምላስ ተሳበ። ዘልዬ ልይዘው ሞከርኩ፤ ከእጄ ወጣ። ዋኖስ ተነሣች።

እሜቴ አልጮኹም። የፈትል ቅርጫታቸውን በብብታቸው ይዘው፣ ነጠላቸውን አፋቸው ላይ አድርገው ቆመው ቀሩ። ከሩቅ የሰማሁት ድምፃቸው «ሂዱ፣ ሂዱ፣ ለእኔ አትቸገሩ» የሚል ነበር።

መርከቧን መመለስ አይቻልም፤ ጉሙ ከወሰዳት ወሰዳት ነው። አባ ቢራቱ ከመሪው ሆነው «ስንት ነን?» አሉ። «አንድ ጎደለ» አልኩ። ማን እንደሆነ አልጠየቁኝም፤ ራስ ራሱን ነክተው ራሳቸው ደረሱበት።

ቤቴ ስገባ ጥሩወርቅ ሁለት ሰው ትጠብቅ ነበር።

«እናቴስ?»

«ቀሩ።»

«የት?»

«ዋዜማ። ይለፉ፣ ይለፉ ሲባባሉ።»

«አንተ የት ነበርክ?»

«ሳንቃው ላይ።»

«ሥራህ ምንድን ነው?»

«ሰው ማስገባት።»

«እናትሽ ናቸው እኮ፣ ክንዳቸውን እንዴት ልያዝ?» አልኳት።

«መነኩሴ በቆቡ ስትጎትት አልነበረም? አፈርክ። ስላፈርክ እናቴን ባዕድ ምድር ጥለህ መጣህ» አለች። ከዚያ በኋላ ጀርባዋን ሰጠችኝ። ልክ ነበረች።

ነገሩ የከፋበት ምክንያት ይህ ነው። ጉሙ የሚያልቀው መስቀል ላይ ነው። ከዚያ እስከ ሰኔ መርከብ አይነሣም። በዋዜማ አንድ በጋ የከረመ ሰው ደግሞ ጥላው እዚያ መሬት ይይዛል፤ ጥላው የቀረበትን ሰው መርከብ አትሸከመውም። እኔ ሳልቀጠር እንዲህ የቀሩ ሁለት ሰዎች ነበሩ፤ ነጋዴዎች ያዩአቸዋል፣ ሰላም ናቸው፣ አልመጡም።

በሳምንቱ ዋኖስ ስትሄድ እሜቴን ለማየት ሄድኩ። ሳንቃው ጋ ቆመው ጠበቁኝ። እግራቸውን ሲያነሡ ሳንቃው ሸሸ፤ እንደገና ሲያነሡ እንደገና ሸሸ። «ተወው ልጄ፣ አትልፋ» አሉ። ቀና ብዬ አየኋቸው፤ ለመጀመሪያ ጊዜ። ጉንጫቸው ጎድጉዷል።

«ይበላሉ?» አልኩ።

«ይሰጡኛል፤ ደጎች ናቸው።»

«ሲሰጡዎት ምን ይላሉ?»

«ምን እላለሁ፤ በቃኝ ነዋ» አሉ።

ሲሰጧቸው በቃኝ ይላሉ፣ ያነሡባቸዋል። ከዚያ በኋላ ወደ ማሳ ወጥተው ቃርሚያ ለቅመው ይቀምሳሉ። ጨዋነት እየገደላቸው ነው። «በመጀመሪያው እሺ ይበሉ» ብዬ ለመንኳቸው። «ሆዳም ናት አይሉኝም?» አሉኝ። ምንም አይልዎትም፣ ይህ አገር ሰው አያማም ብላቸው አላመኑኝም። የማያማ አገር አለ ብሎ ማን ያምናል።

የቀረው መንገድ እርኩም ብቻ ነበረች። ከግንዷ ላይ ከወጣች ብዙ ዓመት ሆኗታል፤ ጠፍሯን አይጥ በልቶታል። አዛዥ ስለሺ ዘንድ ገብቼ ነገርኳቸው።

«ስንት ቀን ጉም ቀርቷል?» አሉ።

«ሦስት ሳምንት ቢሆን ነው።»

«እርኩምን በሦስት ሳምንት? አብደሃል። ዋኖስ ደግሞ ሠራተኛ ያስፈልጋታል፤ አንድም ሰው አልሰጥህም።»

«ሰው አልጠየቅኩም። ግቢውን ይፍቀዱልኝ።»

ቆጣ ብለው አዩኝ፣ ከዚያ ራሳቸውን ነቀነቁ። ኋላ ደግሞ ሳልጠይቃቸው ሁለት እንስራ ሰም ላኩልኝ፤ ክፉ ሰው አልነበሩም።

አባ ቢራቱ ዓይናቸው ጥላ ብቻ ነበር የሚያየው። ግን መጡ። እርኩምን ከአፍንጫዋ እስከ ጭራዋ በመዳፋቸው ዳበሷት፤ «ሆዷ ደህና ነው፣ ልብሷ ነው የተቀደደው» አሉ። ሸምሱ ከዋኖስ ሥራው እንደወጣ ሸራውን ያዘ። የገበያ ሴቶች ስለ እሜቴ ሰምተው ኖሮ ፈትል እያመጡ ደጃፋችን ላይ ይጥሉ ጀመር። ሸምሱ ይህን ሁሉ ጥጥ ሲያይ «አማትህ ከሞቱ በዚህ ሁሉ እንገንዛቸዋለን» አለኝ። በጡጫ አልኩት። ሳቅሁም፤ ከብዙ ቀን በኋላ የሳቅሁት ያኔ ነው።

ከገበያ የገዛሁትን ቆዳ ቆርጬ ዘፈዘፍኩ። ሦስት ቀን ቆጠርኩ። አባ ቢራቱ ተቀምጠው አንድ በአንድ ቀመሱ። ጨው፣ ጨው፣ ጨው። ሃያ ጠፍር ቀምሰው አሥራ ስድስቱን ወረወሩት።

«ዓይንዎ ሳይሆን አሁን ምላስዎ ነው የደከመው» አልኳቸው፤ ተናድጄ ነበር። «መስቀል ደርሷል፤ ትንሽ ጨው ምን ያደርጋል?»

«ትንሹ ነው ሰው የሚጥለው» አሉኝ። «አንዴ ጥለሃል።»

ከንግግር ሁሉ ያችን አልረሳትም። እውነታቸውን ነው፤ እሜቴን የጣለው ትንሽ ነገር ነው፣ ከእጄ እስከ እጅጌያቸው ያለ ነገር።

በማግሥቱ ጠዋት ባላምባራስ መጡ፤ ሳንቃው ላይ ቀድመው የገቡት። የአንድ በሬ ቆዳ፣ ገና ከመገፈፉ ደሙ ያልደረቀ፣ በራሳቸው ትከሻ ተሸክመዋል። አሽከራቸው ባዶ እጁን ከኋላ ይከተላል።

«ጨው ይፈራል ሲሉ ሰማሁ» አሉ። «የራሴን በሬ አርጄ ነው። ከእኔ የተነሣ ቀሩ፤ እንቅልፍ የለኝም።»

«ከእርስዎ የተነሣ አይደለም፣ ከእኔ ነው» አልኩ።

«አይ፣ ከእኔ ነው።»

«ከእኔ ነው አልኩዎ።»

አባ ቢራቱ ከተቀመጡበት «እዚህም ጀመራችሁ? ስጡኝ ቆዳውን» አሉ።

ሁለተኛ በሬ አስፈለገ፤ ባላምባራስ እርሱንም አረዱ። ከዚያ ቀን ጀምሮ እስከ መጨረሻው አልቀሩብንም፤ ኩታቸውን አጣፍተው ሙጫ ያቀልጡ ነበር፤ ጢማቸው አንድ ጎን ተቃጥሎ አጠረ። እኔ እሰፋለሁ። በቀን ከአንድ ሳንቃ በላይ አይሄድም፤ ጠፍሩን በጥርስ ነክሶ፣ በጉልበት ተጭኖ፣ ስቦ፣ አስሮ ነው። ጣቶቼ ስለተላጡ ጨርቅ ጠመጠምኩባቸው። ጥሩወርቅ ምሳ ታመጣለች፤ አታናግረኝም። አንድ ቀን ምሳውን አስቀምጣ አልሄደችም። የእርኩምን ጎን ቆማ አየች፣ ጣቴን አየች፣ ተቀመጠችና የተላጠውን በቅቤ አሸችልኝ። እኔም ከዚያ በኋላ ድካም አልነበረኝም።

መስቀል ሊሆን ሁለት ቀን ሲቀር ጉም ወረደ፤ ስስ ነው፣ ስድስተኛው ስፌት ላይ ቆመ። ግቢው ውስጥ ያለ ሰው ሁሉ ያችን ሰባተኛ ስፌት ያያል። ባላምባራስ ይጸልያሉ። ሸምሱ ደግሞ በራሱ ይጸልያል። ጉሙ እንደ ወተት ገንፍሎ ሲወጣ እርኩም አቃሰተች፣ ግንዱን ለቀቀች። ሦስት ሰው ነበርን፤ አባ ቢራቱ፣ ሸምሱና እኔ።

መንገድ ላይ አባ ቢራቱ ጆሯቸውን ከሆዷ አልነቀሉም። እንዲህ አሉኝ። «ስንደርስ ጉሙ አይቆምልንም። ሁለት ጊዜ አትተነፍስም። ክንዳቸውን ያዝ።»

«እሺ።»

«ካፈርክ አሁን ንገረኝ፤ እኔ ዳብሼም ቢሆን እይዛቸዋለሁ።»

«አላፍርም» አልኩ። ውሸቴን ነበር።

ዋዜማ ስንደርስ እሜቴ ማሳው ዳር ተቀምጠዋል። ሲያዩን ተነሡ፤ ሲነሡ መሬት ተደግፈው ነው። ሳንቃውን ጣልኩ። ቀስ ብለው መጡ። ጉሙ ከኋላችን መበጣጠስ ጀምሯል። አንድ እግራቸውን ሳንቃው ላይ አደረጉ። ያን ጊዜ አባ ቢራቱን ከመሪው አጠገብ ተቀምጠው አዩአቸው፤ ሽማግሌ፣ ዓይነ ስውር። ፊታቸው በትሕትና ሲለሰልስ አየሁት። አፋቸው ተከፈተ።

«ኧረ አባቴ፣ ለእኔ ብለው ነው እዚህ ድረስ? እኔ አል...»

አልጨረሱትም። በግራ መዳፌ አፋቸውን ከደንኩ፣ በቀኜ ወገባቸውን ያዝኩ፣ እንደ ጤፍ ስልቻ ትከሻዬ ላይ አነሣኋቸው። ቅርጫታቸው ወደቀ፤ ፈትሉ መሬት ላይ ተበተነ። መዳፌን ነከሱኝ፤ ጥርሳቸው ሙሉ ነበር። አልለቀቅኩም። ውስጥ አስገብቼ አስቀመጥኳቸው፣ ሳንቃውን ሰበሰብኩ፣ እርኩም ተነሣች።

አባ ቢራቱ እየዳበሱ መጥተው ራሳችንን ነኩ፤ የሸምሱን፣ የእኔን፣ የእሜቴን፣ ከዚያ የራሳቸውን። «ሙሉ ነን» አሉ። ያቺ የመጨረሻ ጉዟቸው ነበረች፤ በሚቀጥለው ጾም አረፉ። እኔ የቀበርኳቸው እንደ አባቴ ነው። የሠራሁት ሁሉ ከእርሳቸው ነው፤ ያበላሸሁት ብቻ የራሴ ነው።

እሜቴ መንገዱን ሁሉ ፊታቸውን አዙረው ተቀመጡ። አራዳ ስንወርድ ጥሩወርቅ እናቷን አቅፋ ስታለቅስ፣ እርሳቸው በነጠላቸው ተሸፍነው ቤት ገቡና በር ዘጉብኝ። በማግሥቱ ሽማግሌ ላኩብኝ።

ሽማግሌዎቹ ሦስት ነበሩ። ከቤቴ ደጃፍ ዛፍ ሥር ተቀመጡ፤ እሜቴ ከበስተኋላ በርጩማ ላይ።

«አማትህን በእጅህ ይዘሃል ወይ?» አለኝ አንዱ።

«ይዣለሁ።»

«አፋቸውን ከድነሃል?»

«ከድኛለሁ።»

«ተሸክመሃቸዋል?»

«በትከሻዬ።»

«ተጸጽተሃል?»

እዚህ ላይ ዝም ብል ይሻለኝ ነበር፤ ግን ተፈጥሮዬ አይደለም። «ያልተጸጸትኩት በዚህኛው ነው» አልኩ። «የተጸጸትኩት የመጀመሪያው ቀን ስላልያዝኳቸው ነው።»

ሽማግሌዎቹ እርስ በእርስ ተያዩ። ብቻ ወግ ወግ ነው፤ የአማት ክብር ተደፍሯል። ድንጋይ ተሸክመህ ይቅርታ ጠይቅ ብለው ፈረዱ። ልክ ነው አልኩ። ከወንዙ ዳር ደህና ድንጋይ መርጬ በጫንቃዬ አድርጌ መጣሁና እሜቴ እግር ሥር ተንበረከክሁ። ሰፈርተኛው ሁሉ ቆሟል። ሸምሱም መጥቶ ነበር፣ ባላምባራስም በግማሽ ጢማቸው።

እሜቴ ድንጋዩን አዩ፣ እኔን አዩ።

«ይህ ድንጋይ ነው» አሉ በመጨረሻ፣ «ወይስ እኔ ነኝ የምከብደው?»

«እርስዎ ይከብዳሉ» አልኩ።

«እንዲያ በረሃብ ከስቼ?»

«ከስተውም።»

ነጠላቸውን ወደ አፋቸው ሊወስዱ እጃቸውን አነሡ፣ ግን አልደረሰም፤ ሰው ሁሉ ፊት ሳቁ። ጎንበስ ብለው ድንጋዩን በሁለት እጃቸው ከጫንቃዬ አነሡትና ከጎናቸው አስቀመጡት። ከዚያ ዘወር አሉ።

«ጥሩወርቅ» አሉ፣ «እህል አምጪ። ርቦኛል።»